ቴክሳስ፦ ነዳጅ ያበለጸጋት፣ ነፋስ ያገዛት፣ ብርድ ያጋለጣት

(በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመቶች በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

«የዓባይን ልጅ ውሃ ጠማው» የሚለውን አባባል ለባዕድ ሰው ማስረዳት ቀላል አይደለም። ከፌብሩዋሪ 2021 ወዲህ ግን የቴክሳስ ሰው ያለ አስተርጓሚ ይገባዋል። አሜሪካ ከምታወጣው ድፍድፍ ነዳጅ ከ40 በመቶ በላዩ የሚወጣው ከዚህች ግዛት ነው። በተፈጥሮ ጋዝ ከአሜሪካ ግዛቶች አንደኛ ናት። በነፋስ ኃይልም አንደኛ ናት። በዚያ የክረምት ሳምንት ግን ሕዝቧን ማሞቅ አቃታት። 4.5 ሚሊዮን ቤቶችና ድርጅቶች መብራት ጠፋባቸው። ቧንቧው በረዶ ሆኖ ፈነዳ፣ ውሃም ተቋረጠ። ሰው የቤት ዕቃውን ሰባብሮ አነደደ፣ መኪናውን አስነስቶ ውስጡ አደረ፣ ከሰል ቤት ውስጥ አቀጣጥሎ በጭሱ ታፈነ። የግዛቲቱ ጤና መሥሪያ ቤት በመጨረሻ ያጸደቀው የሟቾች ቁጥር 246 ነው። ከሟቾቹ መካከል በሂውስተን ይኖሩ የነበሩ ኢትዮጵያውያን ይገኙበታል።

አስከሬኑ ሳይቀበር ክርክሩ ተጀመረ። የግዛቲቱ ገዥ ግሬግ አቦት በቴሌቪዥን ቀርበው ነፋስንና ፀሐይን ከሰሱ። በሌላ ወገን ያሉት ደግሞ ነዳጅን ረገሙ። እነዚህ ሁለት ወገኖች እስከ ዛሬ ይጣላሉ፤ በአማርኛ በሚጻፉ ገጾች ላይም ጭቅጭቃቸው እየተተረጎመ ይቀርባል። አንዱ «ታዳሽ ኃይል ሰው ይገድላል» ይላል፣ ሌላው «ገበያውን ነጻ ብትተዉት እንደ ቴክሳስ በራሱ ይጸዳል» ይላል።

ሁለቱም የቴክሳስን ታሪክ አጋምሰው ነው የሚነግሩት። የግዛቲቱ የ120 ዓመት ታሪክ በሙሉ ሲታይ ኃይሉ ከምን መጣ የሚለው ጥያቄ ወሳኝ ሆኖ አያውቅም። የወሰኑት ሦስት ነገሮች ናቸው፦ ሕጉን ማን ያወጣል? መስመሩን ማን ይዘረጋል? ነገር ሲበላሽ ማን ይከፍላል?

◆ ነዳጁ ሕግ እስኪያገኝ

ጃንዋሪ 10 ቀን 1901 በቦሞንት ከተማ አጠገብ፣ ስፒንድልቶፕ በሚባል ጉብታ ላይ፣ ሲቆፈር የነበረ ጉድጓድ ድፍድፍ ነዳጅ ወደ ሰማይ ተፋ። ለዘጠኝ ቀናት ሊዘጉት አልቻሉም። በቀን ወደ 100 ሺህ በርሜል ይፈስ እንደነበር ተገምቷል። ገልፍና ቴክሳኮ የተባሉት ኩባንያዎች ከዚህ ጉብታ ነው የበቀሉት።

በኦክቶበር 1930 ደግሞ በምሥራቅ ቴክሳስ ከዚያ የሚበልጥ የነዳጅ ሜዳ ተገኘ። ባለ መሬቱም፣ ባለ መቆፈሪያውም፣ ገንዘብ ያለውም ወደዚያ ተመመ። ጎረቤት ሳይቀድመኝ በሚል ሁሉም ያለ ልክ ስላወጣ አንድ በርሜል ነዳጅ ወደ 10 ሳንቲም ገደማ ወረደ። የሜዳው ግፊትም መድከም ጀመረ፤ ሀብቱ ከመሬት ሳይወጣ ሊባክን ሆነ። በኦገስት 1931 ገዥው ሮስ ስተርሊንግ ወታደር ልከው ጉድጓዶቹን አዘጉ። ስተርሊንግ ራሳቸው ኋላ ኤክሶን ውስጥ የተጠቃለለው የሀምብል ኦይል ኩባንያ መሥራችና ፕሬዚዳንት የነበሩ ሰው ናቸው።

ከዚያ በኋላ ሥራውን የያዘው ስሙ ከሥራው ጋር የማይገናኝ መሥሪያ ቤት ነበር፦ የቴክሳስ የባቡር ሐዲድ ኮሚሽን። በ1891 ለባቡር ታሪፍ የተቋቋመው ይህ ኮሚሽን እያንዳንዱ ጉድጓድ በወር ስንት በርሜል እንዲያወጣ በኮታ ይወስን ጀመር። ለአርባ ዓመት ያህል የዓለምን የነዳጅ ዋጋ ያረጋጋው የዚህ ኮሚሽን ኮታ ነው። በ1960 ኦፔክ ሲመሠረት ከአባቶቹ አንዱ የነበሩት የቬኔዝዌላው ፔሬዝ አልፎንሶ አሠራሩን ያጠኑት ከቴክሳስ ነው።

«መንግሥት እጁን ያንሳ» በሚል የምትታወቀው ግዛት ሀብታም የሆነችው መንግሥት እጁን ባስገባ ጊዜ ነው ማለት ነው። ይህን ቴክሳሶች ራሳቸው ማስታወስ አይወዱም። ዛሬም ኮሚሽኑ አለ። ባቡር አይመለከተውም፤ ነዳጅና ጋዝን ይቆጣጠራል። ሦስቱ ኮሚሽነሮች በሕዝብ ድምፅ ይመረጣሉ፤ ለምርጫ ዘመቻቸው ገንዘብ ከሚሰጧቸው መካከል ግን የሚቆጣጠሯቸው ኩባንያዎች አሉበት።

◆ ከግዛት አትውጣ የተባለ ኤሌክትሪክ

በ1935 የአሜሪካ ኮንግረስ ከግዛት ወደ ግዛት የሚሻገር ኤሌክትሪክ በፌዴራል መንግሥት ቁጥጥር ሥር እንዲሆን ሕግ አወጣ። የቴክሳስ ኩባንያዎች ያገኙት መላ ቀላል ነበር፦ ድንበር ካልተሻገርን ዋሽንግተን አታዝዘንም። በዚህ ስሌት የቴክሳስ ግሪድ ብቻውን ቆመ። አሜሪካ ዋና ግሪዶቿ ሦስት ናቸው፦ የምሥራቁ፣ የምዕራቡና የቴክሳስ። የቴክሳሱን የሚያስተዳድረው በ1970 የተቋቋመው ኤርኮት ሲሆን ከግዛቲቱ የኤሌክትሪክ ፍላጎት 90 በመቶ ያህሉን ይሸፍናል።

ይህ ብቸኝነት እንዴት ይጠበቅ እንደነበር ለማየት የ1976ቱን ሌሊት ማስታወስ ይበቃል። ሜይ 4 ሌሊት አንድ ኩባንያ ከቨርነን ቴክሳስ ወደ ኦክላሆማ መስመር ከፍቶ ለጥቂት ሰዓታት ኤሌክትሪክ አሻገረ። ዓላማው መላው የቴክሳስ ግሪድ የፌዴራል ሕግ እንዲነካው ማድረግ ነበር። ሌሎቹ ኩባንያዎች ነገሩን ሲሰሙ መስመራቸውን ከእሱ ቆርጠው ተለያዩ። ለዓመታት የፍርድ ቤት ክርክርም ተከተለ።

ለብቻ መቆም ጥቅም አልነበረውም ማለት ግን ትክክል አይደለም። ቴክሳስ መስመር ልትዘረጋ ስትወስን የሌላ ግዛት ፈቃድ አትጠይቅም። ሌላው አሜሪካ አንድ ረጅም መስመር ለማስፈቀድ አሥር ዓመት ሲከራከር እሷ ሠርታ ትጨርሳለች። ጉዳቱ የሚታየው በክፉ ቀን ነው። ጎረቤት ትርፍ ኃይል ቢኖረው እንኳ መግቢያው ቀጭን ነውና ብዙ ሊያበድር አይችልም።

◆ ነፋሱ በማን በር ገባ

በ1999 ጆርጅ ቡሽ ገና የቴክሳስ ገዥ ሳሉ አንድ ሕግ ፈረሙ። ሕጉ የኤሌክትሪክ ሽያጭን ለውድድር ከፈተ፤ በዚያው ሰነድ ውስጥ እስከ 2009 ድረስ 2,000 ሜጋዋት አዲስ ታዳሽ ኃይል እንዲገነባ አዘዘ። በ2005 ሌላው ሪፐብሊካን ሪክ ፔሪ ግቡን ከፍ የሚያደርግ ሕግ ፈረሙ፤ ለ2025 የተቀመጠው 10,000 ሜጋዋት ከቀኑ 15 ዓመት ገደማ ቀድሞ ተሞላ።

ይህን ያደረገው የአካባቢ ጥበቃ ፍቅር ብቻ አይደለም። በምዕራብ ቴክሳስ ያለው መሬት በአብዛኛው የግለሰብ ነው። ድርቅ ጥጡን ሲያቃጥልበት የኖረ ገበሬ እርሻው ላይ ተርባይን ሲተከል ዝናብ ቢዘንብም ባይዘንብም ኪራይ ይቀበላል። የወረዳው ትምህርት ቤትም ግብር ያገኛል። በ2009 የተጠናቀቀው የሮስኮ የነፋስ ማመንጫ 627 ተርባይኖች ከጥጥ እርሻ መካከል ነው የቆሙት፤ በጊዜው በዓለም ትልቁ ነበር። ለዚያ አካባቢ ሰው ተርባይኑ እንደ ነዳጅ ጉድጓዱ ነው፦ መሬቱ የሚከፈልበት ሌላ ሥራ።

መሬትና ነፋስ ግን አልበቁም። ነፋሱ ያለው በምዕራብና በሰሜን፣ ሰው ያለው በዳላስ፣ በሂውስተን፣ በኦስቲንና በሳን አንቶኒዮ ነው። በነዳጅ ቢሊየነር የሆኑት ቡን ፒከንስ በ2008 በፓምፓ ከተማ አቅራቢያ የዓለምን ትልቅ የነፋስ ማመንጫ እገነባለሁ ብለው 667 ተርባይን አዘዙ። በዓመቱ ተውት። ካደናቀፏቸው ነገሮች አንዱ የጋዝ ዋጋ መውደቁ ሲሆን ሌላው ኃይሉን ወደ ከተማ የሚወስድ መስመር አለመኖሩ ነው። ቢሊዮን ዶላር ያለው ሰው እንኳ በግሉ መስመሩን ሊዘረጋ አልቻለም።

መስመሩን የዘረጋው የግዛቲቱ ውሳኔ ነው። በ2005ቱ ሕግ መሠረት ነፋስ የሚበዛባቸው ዞኖች ተለዩ፤ 5,800 ኪሎ ሜትር ያህል ከፍተኛ የማስተላለፊያ መስመር ተሠራ፤ ወደ 7 ቢሊዮን ዶላር ወጣ፤ በ2014 መጀመሪያ ተጠናቀቀ። ወጪው በኤርኮት ሥር ባለው ተጠቃሚ ሁሉ ሂሳብ ላይ ተከፋፈለ። ማመንጫው ሳይኖር መስመሩ ቀድሞ ተሠራ፤ መስመሩን ያየ ባለሀብት ደግሞ ማመንጫውን ይዞ መጣ። በ2020 በኤርኮት ግሪድ ነፋስ ከድንጋይ ከሰል የበለጠ ኤሌክትሪክ ሰጠ።

«ገበያው ብቻውን አጸዳው» የሚሉት ይህን 7 ቢሊዮን ዶላር ይዘሉታል። ገበያው ተርባይን ገዝቷል፣ የፌዴራል የግብር ቅናሹም አግዞታል። መንገዱን የሠራው ግን ሕዝብ በየወሩ በመብራት ሂሳቡ ነው።

◆ አራት ደቂቃ ከ37 ሰከንድ

ወደዚያ ሌሊት እንመለስ። ፌብሩዋሪ 15 ቀን 2021 ከሌሊቱ ሁለት ሰዓት ገደማ በፈረንጅ ሰዓት ማመንጫዎች ተራ በተራ ወደቁ። የግሪዱ ፍሪኩዌንሲ ወረደ። ኤርኮት ኋላ እንዳስረዳው መላው ግሪድ ሊወድቅ የቀረው አራት ደቂቃ ከ37 ሰከንድ ነበር። ያኔ ወድቆ ቢሆን መልሶ ማስነሳቱ ሳምንታት ሊወስድ ይችል ነበር። ግሪዱን ለማዳን እስከ 20 ሺህ ሜጋዋት የሚደርስ ፍላጎት ተቆረጠ፤ በአሜሪካ ታሪክ በትእዛዝ ከተቆረጠው ሁሉ ትልቁ ነው። ፈረቃ ይሆናል የተባለው ፈረቃ ሳይሆን ቀረ። አንዴ የጠፋበት ሰፈር ለቀናት ጠፋበት። ሆስፒታል ያለበት መስመር ላይ የተቀመጠ ሰው መብራቱ አልጠፋም፤ ከመንገዱ ማዶ ያለው ጎረቤቱ በረደው።

ጥፋቱ የማን ነው? የፌዴራል ተቆጣጣሪዎች በዚያው ዓመት ኖቬምበር ያወጡት ዘገባ ይህን ቆጥሮታል። ሳይታሰብ ከቆሙት ወይም ኃይላቸው ከቀነሰው የማመንጫ ክፍሎች 58 በመቶው በጋዝ የሚሠሩ ናቸው። 27 በመቶው ነፋስ፣ 6 በመቶው ከሰል፣ 2 በመቶው ፀሐይ። አንድ የኑክሌር ክፍል እንኳ ትንሽ የመለኪያ ቧንቧ በርዶበት ቆሟል። ከምክንያቶቹ ትልቁ የዕቃዎች መቀዝቀዝ ነው፤ ሁለተኛው የነዳጅ አቅርቦት፣ በተለይም የጋዝ እጥረት።

ጋዙ ለምን አጠረ? ከፊሉ ጉድጓዱ ላይ በረዶ ሆነ። ከፊሉ ደግሞ ሰው ሊያምነው በሚከብድ ምክንያት፦ ጋዙን የሚያወጡትና የሚገፉት መሣሪያዎች በኤሌክትሪክ ነው የሚሠሩት፤ ባለቤቶቻቸው «መብራታችን እንዳይቆረጥ» ብለው አልተመዘገቡም ነበር። ኤሌክትሪክ ሲቆጠብ የእነሱም ተቆረጠ። መብራቱ ስለጠፋ ጋዙ ቆመ፣ ጋዙ ስለቆመ መብራቱ ጠፋ።

ነፋስ ንጹሕ ነው ማለት አይደለም። ተርባይኖችም በረዶ ይዟቸው ቆመዋል። ነገር ግን ኤርኮት በክረምት ከነፋስ ብዙ እንደማይጠብቅ በዕቅዱ ውስጥ አስቀምጦ ነበር። ይደርሳል ተብሎ የተቆጠረውና ያልደረሰው በዋናነት ጋዝ ነው። ነፋስን የከሰሱት ባለ ሥልጣናት «አህያውን ፈርቶ ዳውላውን» አደረጉ።

የሚያስቆጨው ደግሞ ነገሩ አዲስ አለመሆኑ ነው። በፌብሩዋሪ 2011 ተመሳሳይ ብርድ መጥቶ ከሦስት ሚሊዮን በላይ ደንበኞች መብራት ጠፍቶባቸው ነበር። ያኔም ዘገባ ተጻፈ፤ ያኔም «ማመንጫውንና ጉድጓዱን ለብርድ አዘጋጁ» ተባለ። ምክር እንጂ ግዴታ አልነበረምና ብዙዎቹ ትተውት አሥር ዓመት አለፈ። በዚያው ቴክሳስ ውስጥ ያለችው ኤል ፓሶ ግን ከኤርኮት ውጭ፣ በምዕራቡ ግሪድ ላይ ናት። የከተማዋ የኤሌክትሪክ ድርጅት ከ2011 ትምህርት ወስዶ ገንዘብ አውጥቶ ማመንጫዎቹን ለብርድ አዘጋጀ። በ2021 በኤል ፓሶ መብራት የጠፋባቸው ጥቂት ሺህ ሰዎች ናቸው፤ ለአብዛኞቹም የጠፋው ለደቂቃዎች ነው። የብርዱ ወሬ ከዚህ በላይ ማስረጃ አያስፈልገውም። ሊደረግ ይቻል ነበር።

◆ ሂሳቡ የወደቀው ማን ላይ ነው

በኤርኮት ገበያ ማመንጫ የሚከፈለው በሸጠው ልክ ነው፤ ለክፉ ቀን ተዘጋጅቶ ስለጠበቀ አይከፈለውም። ሐሳቡ እጥረት ሲመጣ ዋጋው ሰማይ ይነካል፣ ያን ዋጋ ተስፋ ያደረገ ባለሀብት ተዘጋጅቶ ይጠብቃል የሚል ነው። በዚያ ሳምንት ተቆጣጣሪው ኮሚሽን ዋጋውን በጣሪያው ላይ፣ በሜጋዋት ሰዓት 9,000 ዶላር አድርጎ አቆየው። በሌላ ጊዜ ከ30 ዶላር ብዙም የማይርቅ ነበር። ዋጋው ጣሪያ ነካ፣ የሚሸጥ ኃይል ግን አልነበረም። በረዶ የያዘው ቧንቧ ዋጋ አያነብም።

ዳላስ ወይም ሂውስተን አዲስ የገባ ስደተኛ ቤት ተከራይቶ መብራት ሲያስገባ ከብዙ ኩባንያዎች አንዱን መምረጥ አለበት። ሌሊት ነጻ የሚል አለ፣ ቅዳሜና እሑድ ነጻ የሚል አለ፣ በጥቃቅን ፊደል የተጻፈ ቅጣት ያለበት አለ። ከእነዚህ አንዱ የጅምላውን ዋጋ በቀጥታ ለደንበኛው የሚያስተላልፍ ነበር፤ ደንበኞቹ ለጥቂት ቀናት ብቻ በሺዎች የሚቆጠር ዶላር ሂሳብ መጣባቸው። ኩባንያው በወሩ ኪሳራ አወጀ። የገጠር ደንበኞችን የሚያገለግል ትልቅ የኅብረት ሥራ ማኅበርም ወደ 2 ቢሊዮን ዶላር የሚጠጋ ዕዳ ተቆልሎበት ኪሳራ ጠየቀ።

በሌላ በኩል አንድ የጋዝ ቧንቧ ኩባንያ ብቻ ከዚያ አውሎ ነፋስ 2.4 ቢሊዮን ዶላር ገደማ ማግኘቱን ለባለ አክሲዮኖቹ ሪፖርት አደረገ። የጋዝ አከፋፋዮች በዚያ ሳምንት በውድ የገዙት ጋዝ ወጪ በ2023 ወደ 3.5 ቢሊዮን ዶላር ቦንድ ተለውጦ ተሸጠ። ቦንዱን የሚመልሰው ደንበኛው ነው፤ ለዓመታት፣ በየወሩ ሂሳቡ ላይ። በብርድ ያደረ ሰው የብርዱን ዋጋ አሁንም እየከፈለ ነው።

ፍርድ ቤትስ? በ2023 የቴክሳስ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ኤርኮት እንደ መንግሥት አካል ከክስ የተጠበቀ ነው አለ። በ2024 ደግሞ ዋጋውን ጣሪያ ላይ ያቆየው ኮሚሽን ከሥልጣኑ አልወጣም ብሎ ወሰነ። ትርፍ ሲሆን የግል ገበያ፣ ተጠያቂነት ሲመጣ የመንግሥት ከለላ።

◆ ከብርዱ ወዲህ

ምክር ቤቱ በ2021 ማመንጫዎች ለብርድ እንዲዘጋጁ የሚያስገድድ ሕግ አወጣ። «ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» ነው፤ ቢሆንም ሠርቷል፣ በጃንዋሪ 2024 ብርድ ሲመጣ ግሪዱ ቆሟል። በጋዙ በኩል ግን ሕጉ ላላ ያለ ነው፤ የትኛው ጉድጓድ ይመለከተዋል የሚለውን የሚወስነው ያው የባቡር ኮሚሽን ነው።

በኤርኮት ግሪድ የበጋ ሙቀት ፍላጎቱን በኦገስት 2023 ወደ 85,508 ሜጋዋት ሲያወጣው ከሰዓት በኋላ ያለውን ጫና የተሸከመው በብዛት ፀሐይ ነው። ፀሐይ ስትጠልቅ ያለውን ክፍተት ደግሞ ባትሪዎች እየሞሉት ነው፤ አሁን ከ10 ሺህ ሜጋዋት በላይ ባትሪ አለ። በ2024 ነፋስና ፀሐይ አንድ ላይ ከግሪዱ ኤሌክትሪክ አንድ ሦስተኛ ያህል ሰጥተዋል። ጋዝ ግን አሁንም ከ40 በመቶ በላይ ይዞ አንደኛ ነው።

እዚህ ላይ የጋዝ ወገኖች እውነት አላቸው። ነፋስም ፀሐይም ሲታዘዙ አይመጡም። በጃንዋሪ ንጋት፣ ፀሐይ ሳይወጣ፣ ነፋስ ቀጥ ሲል፣ ባትሪው ከጥቂት ሰዓት በላይ አይዘልቅም። ያኔ የሚነሳ ማመንጫ ያስፈልጋል፣ ለመጠበቁም መከፈል አለበት። በ2023 መራጮች ያጸደቁት የኢነርጂ ፈንድ ለጋዝ ማመንጫዎች በዝቅተኛ ወለድ የሚያበድረው ለዚህ ነው። ነገር ግን ሕዝብ ከከፈለ «በቀኑ መድረስ» ግዴታ መሆን አለበት። ጋዝን አስተማማኝ የሚያደርገው የተጠቀለለ ቧንቧና የተመዘገበ መሣሪያ ነው። ስሙ ብቻውን አስተማማኝ እንዳላደረገው 2021 አሳይቷል።

በ2025 የቴክሳስ ሴኔት ነፋስና ፀሐይን የሚያስሩ ሦስት ረቂቆች አሳለፈ። አንዱ ለፈቃድና ለርቀት አዲስ ገደብ ያበጀ ነበር። ሦስቱም በታችኛው ምክር ቤት ሳይጸድቁ ቀሩ። ከተቃወሟቸው መካከል የንግድ ማኅበራትና ባለ መሬቶች ነበሩበት። የዚህ ምክንያቱ ግልጽ ነው፦ ኪራይ የሚቀበል ገበሬ፣ ርካሽ ኃይል የሚፈልግ ፋብሪካና ግብር የሚሰበስብ ወረዳ አንድ ላይ ቆመዋል። ፖለቲከኛው በቴሌቪዥን የሚሰድበውን ነፋስ መራጩ በመሬቱ ላይ ያከራየዋል።

አሁን የመጣው ደግሞ የዳታ ማዕከልና የቢትኮይን ፍላጎት ነው። በኦገስት 2023 አንድ የቢትኮይን ኩባንያ ማሽኖቹን አጥፍቶ ግሪዱን በማገዙ ወደ 32 ሚሊዮን ዶላር የሚጠጋ ክፍያና ቅናሽ አገኘ፤ በዚያ ወር ከቆፈረው ቢትኮይን ዋጋ ይበልጣል። ቤቱን አጨልሞ የቆጠበ ነዋሪ እንዲህ ያለ ቼክ አልደረሰውም። በ2025 የወጣ ሕግ ትልልቅ ተጠቃሚዎች በአደጋ ጊዜ ቀድመው እንዲቆረጡ መፍቀዱ ተገቢ ነው። ሰው ከማሽን በፊት መሞቅ አለበት።

መስመሩስ? በጁላይ 2024 ቤሪል የተባለው ማዕበል ሂውስተንን ሲመታ ከ2 ሚሊዮን በላይ ደንበኞች በሐምሌ ሙቀት መብራት አጡ። ያኔ ማመንጫ አልጎደለም። የወደቀው የሰፈሩ ምሰሶና ያልተቆረጠው ዛፍ ነው።

◆ ከሂውስተን እስከ ካሉብ

ይህ ሁሉ ለኢትዮጵያ አንባቢ የሩቅ ወሬ አይደለም። በኦጋዴን የካሉብን ጋዝ በ1970ዎቹ መጀመሪያ ያገኘው ቴኔኮ የተባለ የሂውስተን ኩባንያ ነው። አብዮቱ መጣ፣ ቴኔኮ ወጣ፣ ሶቪየቶች ገብተው ቆፈሩ፣ እነሱም ሄዱ። ጋዙ ግማሽ ምዕተ ዓመት መሬት ውስጥ ተቀመጠ። በሴፕቴምበር 2025 5,150 ሜጋዋት የማመንጨት አቅም ያለው የህዳሴ ግድብ ተመረቀ፤ በወሩ የካሉብ ጋዝ ማምረቻ የመጀመሪያ ምዕራፍ ተከፈተ። ውሃም ጋዝም ነፋስም ያላት አገር ሆናለች።

በዚያው አገር ከሕዝቡ ግማሽ የሚጠጋው እስካሁን መብራት የለውም። ለቢትኮይን ቆፋሪዎች ግን ኃይል ይሸጣል፤ ምክንያቱም እነሱ ማከፋፈያ ጣቢያ አጠገብ መጥተው ይሰካሉ፣ በዶላር ይከፍላሉ፤ የገጠሩ ቤት ግን ምሰሶ፣ ትራንስፎርመርና ቆጣሪ ይጠብቃል። ፒከንስን ያቆመው ችግር ይኸው ነው። ማመንጫ ሲመረቅ ሪባን ይቆረጣል፣ ፎቶ ይነሳል። ለሰፈር ትራንስፎርመር ሪባን የሚቆርጥ ባለ ሥልጣን የለም፤ ሕዝቡ መብራት የሚያገኘው ግን በእሱ ነው።

ሌላም አለ። የቴክሳስ ገበሬ ለተርባይኑም ለጉድጓዱም የተከፈተው መሬቱ የራሱ ስለሆነና ኪራይ ስለሚደርሰው ነው። በኢትዮጵያ መሬትና የመሬት ሀብት የመንግሥትና የሕዝብ ነው። ስለዚህ የካሉብ አርብቶ አደር ከጋዙ ምን ይደርሰዋል የሚለውን ገበያ አይመልስለትም፤ በሕግ ተጽፎ፣ በግልጽ ተቆጥሮ፣ በጀት ላይ ሊታይ ይገባል። ካልሆነ ቧንቧው በግጦሹ መሬት ላይ አልፎ የሚሄድ የሌላ ሰው ንብረት ሆኖ ይቀራል።

የኃይል ምንጭ ላይ የሚደረገው ሙግት ደግሞ ደጋፊና ተቃዋሚ የሚሆኑበት የኳስ ጨዋታ እየመሰለ ነው። ግድብ ይበልጣል፣ ጋዝ ይበልጣል፣ ኑክሌር ይበልጣል ይባላል። ቴክሳስ ከሞላ ጎደል ሁሉም ነበራት። ያልነበራት «ለክፉ ቀን ተዘጋጅ» የሚል አስገዳጅ ሕግና ሕጉን ከነጋዴው ሳይፈራ የሚያስፈጽም ተቆጣጣሪ ነው። ከ90 በመቶ በላይ ኤሌክትሪኳን ከውሃ የምታገኝ አገር ደግሞ የእሷ ክፉ ቀን ብርድ ሳይሆን ድርቅ ነው። ዝናብ በተከታታይ የቀረ ዕለት የማን መስመር ቀድሞ ይቆረጣል? የቆፋሪው ማሽን ወይስ የሆስፒታሉ? ውሉ ላይ ተጽፏል ወይስ ያን ቀን ይታሰብበታል? ሂሳቡስ ለማን ይላካል?

እነዚህን ጥያቄዎች ዝናቡ ደህና እያለ መጠየቅ ይሻላል። ቴክሳስ በ2011 ተነግሯት ነበር። አሥር ዓመት ነበራት።